ከበረከት ቀጥሎ ስንት ነው?

ደንጋጣ ነኝ። በር ሲላተም ከመቀመጫዬ እነሳለሁ፤ ድመት ከጓዳ ብቅ ስትል «በስመ አብ!» እላለሁ። ልጆቼ ይህን አውቀውብኝ ከኋላዬ ነካ እያደረጉኝ ሲስቁብኝ ነው ያደጉት። እንዲህ ያለ ሰው ዕድሜውን ሙሉ የተዘጋ መጋዘን ሲያስከፍት መኖሩ ለራሴም ይገርመኛል። ንብረት ቆጠራ የድንጋጤ ሥራ ነውና። ውስጥ ምን እንዳለ ወረቀቱ አስቀድሞ ይነግርሻል፤ እውነቱን የምታዪው ግን ቁልፉ ከዞረ በኋላ ነው። ያን ጊዜ ወይ ወረቀቱ ዋሽቷል፣ ወይ ሰው ዋሽቷል፣ ወይ ደግሞ ማንም ሳይዋሽ ሰው ይታሰራል። የምጽፈው ስለ መጨረሻው ነው።

ጡረታ ስወጣ የደባርቁን መጋዘን የተረከበችኝ ሴት ጎበዝ ናት። የቁልሉን ርዝመት፣ ወርድና ከፍታ ኮምፒውተሯ ላይ ታስገባና ዓይኔ እያየ ውጤቱን ታወጣዋለች። ርክክቡን ልንጀምር ስንል ግን እኔ ልማዴን ያዝኩ። ኮሚቴውን፣ ዘበኛውንና ጫኝና አውራጆቹን ሁሉ ሰብስቤ፣ መጀመሪያው ጆንያ ላይ እጄን ጭኜ «አንድ!» አልኩ። እነሱም ስለሚያውቁኝ አብረው «አንድ!» አሉ፤ ቆርቆሮው አስተጋባ። ሴትዮዋ ደነገጠች። «እትዬ አስካል፣ መዋዕለ ሕፃናት ነው እንዴ?» አለችኝ። ሁሉም ሳቀ፤ እኔም ሳቅኩ። እዚያ ቆሜ ብመልስላት እንባዬ ስለሚቀድመኝ ወደ ቆጠራው ገባሁ። መልሱ ይኸውና።

ተወልጄ ያደግኩት ዳባት ነው። መንግሥት በተለወጠ በጥቂት ዓመት ውስጥ፣ ለገበሬው ማዳበሪያና ምርጥ ዘር የሚያከፋፍል አንድ ድርጅት ደባርቅ ላይ መጋዘን ሲከፍት በጸሐፊነት ተቀጠርኩ። ስለ ደመወዙ ባላነሳ ይሻላል። የመጀመሪያው አለቃዬ አቧራ ስለሚያስነጥሰው መጋዘኑን ሁልጊዜ ከደጅ ሆኖ ነበር የሚያየው። ቀጥሎ የመጣው ደግሞ ወረቀት ካየ ሳያነብ የሚፈርም ሰው ነው። አንድ ቀን የሠርግ መጥሪያ ከፋይል ጋር ተቀላቅሎ ቢቀርብለት «ይፈጸም» ብሎ ፈርሞበት አረፈ።

ሥራውን ያስተማሩኝ ጋሼ ታከለ ናቸው። የንብረት ክፍል ኃላፊ ነበሩ፤ እሳቸውም የዳባት ሰው፣ የገበሬ ልጅ። ቁልል ላይ ከመውጣታቸው በፊት ጫማቸውን ያወልቃሉ፤ እህል በጫማ መርገጥ ነውር ነው ባይ ናቸው። ከዚያ እያንዳንዱን ጆንያ በመዳፋቸው መታ ያደርጉና መዳፋቸውን ያሸታሉ። ድምፁ ሙላቱን፣ ሽታው እርጥበቱን ይነግራቸዋል፤ የደባርቅ ጭጋግ በር ቢዘጉበትም መጋዘን መግባቱን አይተውምና። እኔንም ይህንኑ አስለመዱኝ። ዛሬም ገበያ ወጥቼ እህል ስገዛ ጆንያውን መታ አድርጌ እጄን ስለማሸት ነጋዴዎቹ ይስቁብኛል።

ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ሲናገሩ ሰምቼ አላውቅም። «እህል ባለበት አይጮህም» ይሉ ነበር። ሰው ሲቆጣቸው እሳቸው ይብሱን ዝቅ ብለው ይናገራሉ፤ ሰውየው ለመስማት ሲል ራሱ ዝም ይላል። ደግሞ ምንጊዜም ሁለቴ ነው የሚቆጥሩት፤ አንዴ ጆንያውን ከግራ ወደ ቀኝ እያስተላለፉ፣ አንዴ ከቀኝ ወደ ግራ እየመለሱ። ሁለቱ ካልገጠመ ምሳ የለም። ጉድለት ሲያገኙ አይደነግጡም፤ ትርፍ ሲያገኙ ግን ጆንያው ላይ ቁጭ ይላሉ። «የጎደለ እንደሆነ የጎደለበት ሰው መጥቶ ይጮህልሻል» አሉኝ አንድ ቀን። «ትርፍ ሲሆን ግን ከማን ላይ እንደተወሰደ ማን ይነግርሻል?»

ከእሳቸው ጋር ብዙ ዞርን። ጊች ላይ የገብስ ዘር ያስቀመጥንበትን ቤት፣ በበቅሎ ወጥተን ስናስከፍት፣ አንድ ትልቅ ጭላዳ ዝንጀሮ በተቀደደው ክዳን ገብቶ ጆንያ ላይ ተቀምጦ አገኘነው። እኔ ጮህኩ፤ እሱም ጮኸ። ጋሼ ታከለ በሩን ቀስ ብለው ሰፋ አደረጉለትና «ይለፍ፣ የኮሚቴ አባል ነው» አሉ። እስከ ደባርቅ ድረስ በቅሎ ላይ ሆኜ ስስቅ መጣሁ።

ጃናሞራ ላይ የገጠመን ግን የሚያስቅ አልነበረም።

የጃናሞራው መጋዘን ኃላፊ ዋኘው ይባላል። ቀድሞ ዲያቆን የነበረ፣ ጥርሱ የማይከደን ሳቂታ ሰው ነው። ከእናቱ ከእማሆይ ዘነቡ ጋር መጋዘኑ አጠገብ ይኖር ነበር። እማሆይ ጆሯቸው ደክሟል። ስለዚህ ዋኘው ሁሉን ነገር ጆሯቸው ሥር ሆኖ ጮክ ብሎ ይነግራቸዋል፤ የቤቱን ወሬ ሰፈሩ ሁሉ የሚያውቀው በዚህ ነበር። እኛ በሄድን ቁጥር እማሆይ እጃችንን ይዘው ይመርቁንና «ልጄ ንብረቱን አሳምሮ ይዟል?» ብለው ይጠይቁናል። ዋኘው «ይዣለሁ እመዬ!» ብሎ ይጮህላቸዋል። ጋሼ ታከለም በጭንቅላታቸው አዎ ይሏቸዋል፤ መጮህ አይሆንላቸውማ።

ዋኘው ሥራው ተወዶለት ወደ ደባርቅ እንዲዛወር ተወሰነ። እናቱን ይዞ ሊገባ ቤት ሁሉ ተከራይቶ ነበር። ግንቦት ላይ፣ ዘሩ ለገበሬው ከመከፋፈሉ በፊት፣ ጋሼ ታከለና እኔ መጋዘኑን ቆጥረን ልናረካክብ ሄድን። ቧሂት ተራራ ላይ በረዶ ወርዶብን የተሳፈርንበት አይሱዙ ስንት ጊዜ ቆመ። ሞባይል ስልክ ገና ያልደረሰበት ዘመን ስለሆነ ገደል ብንገባም የሚሰማን አልነበረም።

ማዳበሪያውን እኔ ያዝኩ። ጆንያው እኩል፣ ቁልሉም ቀጥ ያለ ስለሆነ ቆጠራው ቀላል ነው፤ ልክ ሆኖ ተገኘ። የስንዴው ዘር ግን ከየቦታው የተሰበሰበ፣ ጆንያው ትልቅም ትንሽም ስለሆነ አይደረደርም። እሱን ጋሼ ታከለ ከአንዱ ጥግ ወደ ሌላው እያስተላለፉ ሊያስቆጥሩ ያዙ። ቁጥሩን የሚጠራ ሰው ጠፋ፤ ጎበዙ ሁሉ እርሻ ላይ ነው። በመጨረሻ አያ ሙሉ የሚባሉ ሽማግሌ መጡ። መጋዘን ቆጥረው አያውቁም፤ ግን መከር ሲደርስ በየአውድማው እህል የሚሰፍሩት እሳቸው ናቸው፤ የአገሩ ሰው ያምናቸዋል።

አያ ሙሉ በዚያ በተጎተተ የደገኛ ድምፃቸው ይጠራሉ። «አስር!» ሲሉ ጋሼ ታከለ አንድ መስመር ያሰምራሉ፤ አያ ሙሉም እንደገና ከመጀመሪያው ይነሳሉ። የጋሼ ታከለ ዓይንና መዳፍ ጆንያው ላይ ነው፤ መታ፣ አሽተት፣ መታ፣ አሽተት። ከምሳ በፊት ሁሉም ወደ ቀኝ አለፈ። ሁለቱ ሳይገጥም ምሳ የማይበሉ ሰው ናቸውና መልሰው ወደ ግራ አስቆጠሩት። ሁለቱ ቁጥር አንድም ሳይዛነፍ ገጠመ።

ከወረቀቱ ጋር ግን አልገጠመም። ከየአሥራ አንዱ ጆንያ አንዱ የበነነ ይመስል የስንዴው ዘር ጎደለ።

ዋኘው መጀመሪያ ሳቀ፤ ቀልድ መስሎት ነበር። «ጋሼ፣ ተጫወቱብኝ አይደል?» አለ። ጋሼ ታከለ «ሁለቴ ነው የቆጠርነው ልጄ» አሉት፣ በዚያ ዝቅ ባለ ድምፃቸው። የዋኘው ጥርስ ሲከደን ያየሁት ያን ጊዜ ነው። የምሠራው ጠፋኝ። ያንን ሰው ዓመታት አውቀዋለሁ፤ አንዲት ፍሬ ከመሬት ለቅሞ ወደ ጆንያ የሚመልስ ሰው ነው። ነገር ግን የጋሼ ታከለን ቁጥር መጠርጠር ለእኔ ፀሐይ በየት እንደምትወጣ መጠርጠር ነበር።

ፖሊሶቹ ሲመጡ እማሆይ ዘነቡ በነጠላቸው ተጠቅልለው ከደጅ ቆመዋል። «ምን አሉት? ልጄን ምን አሉት?» እያሉ ከአንዱ ወደ አንዱ ይዞራሉ። ሁላችንም አቀረቀርን። ሌባ የሚለውን ቃል በእናት ጆሮ ውስጥ ማን ይጮሃል? ዋኘው ራሱ በፖሊሶቹ መካከል ጎንበስ አለና «ደባርቅ ለሥራ ነው የምሄድ እመዬ!» አላቸው። ድምፁ ሊስቅ ይሞክር ነበር። ያ ድምፅ እስከ ዛሬ ከጆሮዬ አልወጣም።

ኋላ ማን እንደጮኸላቸው አላውቅም። ሰሙ። ምግብ አልበላም ብለው ተኙ። ሰኔ እንደገባ እማሆይ ዘነቡ አረፉ። ዋኘው ወጥቶ እንዲቀብር አልተፈቀደለትም።

በዚያው ሰኔ ዘሩን እንዳከፋፍል ጃናሞራ ተላክኩ። እኔና አዲሱ ኃላፊ ዘሩን ለየገበሬው በሚዛን እየመዘንን ሰጠን። ወረፋው እያጠረ መጣ፣ የመጨረሻው ገበሬ አህያውን ጭኖ ሄደ። ከጉድለቱ በኋላ በተጻፈው ወረቀት መሠረት መጋዘኑ ባዶ መሆን አለበት። ዞር ስል ግን ከወዲያኛው ጥግ ጆንያ እንደተከመረ ነው። ዓይኔን ጠረግኩ። አለ! እንደ ጋሼ ታከለ አንዱ ጆንያ ላይ ቁጭ አልኩ። ሚዛኑ ያጭበረበረ እንደሆነ ብዬ መዝኜ የሰጠሁትን ሰው ሁሉ በሆዴ አሰብኩ። ሚዛኑን ፈተሽነው፤ ደኅና ነው።

ወሬው ከእኛ ቀድሞ ወጣ። ዘበኛው አማትቦ መጋዘን አልገባም አለ። አገሬው «በረከት ወረደ!» ብሎ ሴቱም ወንዱም ደጁን ሞላው። እኔም ለዋኘው ደስ ሊለኝ ሲል፣ አንዲት ሴት የምትለውን ሰማሁ።

«ምስኪን እማሆይ! እዚያ ላይ ሆና ለምና፣ ልጇ የሰረቀውን እግዜር መለሰለት።»

ክው አልኩ። ተአምሩ ራሱ ዋኘውን ሌባ አድርጎ አስቀረው።

የተረፈውን ለመቁጠር አያ ሙሉን አስጠራሁ። በሰላሙ ቀን ቢሆን እኔም እንደ መምህሬ ዓይኔን ከጆንያው አላነሳም ነበር። ያን ቀን ግን ፍርሃት ይዞኝ ስለነበር፣ ጆንያ ባለፈ ቁጥር በሆዴ አብሬያቸው መቁጠር ጀመርኩ።

«በረከት» አሉ አያ ሙሉ፣ የመጀመሪያው ሲያልፍ።

አንድ፣ አልኩ በሆዴ።

«አንድ» አሉ፣ ሁለተኛው ሲያልፍ።

«ቆይ ቆይ፣ አያ ሙሉ! ይኸ እኮ ሁለተኛው ነው።»

«የቱ?»

«ይኸ። ያኛው አንድ፣ ይኸኛው ሁለት።»

«ያኛውማ በረከት ነው።»

«በረከት ማለትስ አንድ ማለት አይደል እንዴ?»

አያ ሙሉ ከአፌ መጥፎ ቃል የወጣ ያህል አፈጠጡብኝ። «ምን አልሽ አንች? በረከት ይቆጠራል እንዴ! የእግዜር እኮ ነው። እግዜርን ከቁጥር ታገቢዋለሽ?»

«ጋሼ ታከለ የመጡ ጊዜስ? እንዲሁ ነው የቆጠሩት?»

«እንዴታ! ሁለቴም እንዲሁ። በየአስሩ መነሻ በረከቱን አስቀድሜ። እኔ ሌላ ቆጠራ መች አውቃለሁ?»

በየአስሩ አንድ ጆንያ። አሥራ አንድ እያለፈ አስር ተብሏል። ሁለቴ ቢቆጠርም፣ መቶ ጊዜ ቢቆጠርም፣ ጠሪው እሳቸው እስከሆኑ ድረስ ይገጥማል። ራሴን ያዝኩ።

«አያ ሙሉ፣ ዋኘው የታሰረው እኮ በእነዚህ ነው።»

«በየትኞቹ?»

«ባልቆጠሯቸው።»

የሽማግሌው መቋሚያ ከእጃቸው ወደቀ። «ወይኔ! እኔ ነኝ እንዴ ያሳሰርሁት? እኔ ነኝ እንዴ እማሆይን…» አሉና መጨረስ አቃታቸው። አብረን አለቀስን። እሳቸውን በምን ልውቀሳቸው? ዕድሜያቸውን ሙሉ በታመኑበት ቁጥር ነው የቆጠሩት።

ደባርቅ ስደርስ ጋሼ ታከለ ከቢሮው ደጅ ፀሐይ ይሞቃሉ። ሁሉንም ነገርኳቸው። ደንጋጣ ሰው ድንጋጤን ያውቃል፤ ፊታቸው ላይ ያየሁትን ግን ከዚያ በፊት በማንም ላይ አላየሁም።

«ከበረከት ቀጥሎ ስንት አሉ?» አሉኝ።

«አንድ።»

«እኛ አገር ከበረከት ቀጥሎ ሁለት ነው» አሉ። «በረከት ሲሉማ ሰምቻለሁ፣ አስካል። አባቴም አውድማ ላይ እንዲሁ ነበር የሚል። የቤቴን ቃል ስሰማ ጊዜ ጆሮዬ አረፈ። ቀጥሎ የመጣውን አልሰማሁም።» መዳፋቸውን አገላብጠው አዩት፤ ያን ሁሉ ጆንያ መታ ያደረጉበትን መዳፍ።

እኔ እኚህ ሰው ይሳሳታሉ ብዬ አስቤ አላውቅም። ያስደነገጠኝም ይኸው ነው። ሌባ ብናገኝ በተገላገልን! ዋኘው አልዋሸም፣ አያ ሙሉ አልዋሹም፣ ጋሼ ታከለ አልሰነፉም፤ ግን አንዲት እናት ልጇ ሌባ እንደሆነ አምና ሞተች። ከዳባት ጃናሞራ ስንት አገር ነው? አንድ ቋንቋ፣ አንድ ቤተ ክርስቲያን፣ አንድ ቃል። ቃሉ ላይ ተስማምተን ከቃሉ ቀጥሎ ባለው ተላለፍን።

የዚያን ጊዜው አለቃችን ነገሩ በዝግታ እንዲያልቅ ፈለገ። ትርፍ ተገኘ ተብሎ ይጻፍ፣ ዋኘውም በማስረጃ እጦት ይፈታ አለ። «የራሳችንን ስህተት ለምን አደባባይ እናወጣለን?» አላቸው። ጋሼ ታከለ «የራሳችን አይደለም፤ የእኔ ነው» ብለው ከዚያው ፖሊስ ጣቢያ ሄዱ። ዋኘው ተፈታ። ግን ጣቢያ የተባለው ጣቢያ ነው የሚቀረው፤ ጃናሞራ ላይ ያለው ሰው የሚያውቀው እግዜር የሌባውን ዕዳ እንደከፈለለት ብቻ ነው። ዋኘው ወደ ደባርቅ አልመጣም። እናቱ ቤት ገብቶ በሩን ዘጋ።

የእማሆይ አርባ ሐምሌ ውስጥ ዋለ። ጋሼ ታከለና እኔ ሄድን። ከቤተ ክርስቲያኑ ማዶ ዳስ ተጥሏል፣ ዝናቡ ያካፋል፣ ሰዉ ጠላውን ይዞ ተቀምጧል። ዋኘው ከስቶ፣ ጸጉሩን ተላጭቶ ያስተናግዳል። ጥርሱን አላየሁትም። ሲያየን ዞር አላለም፤ ቦታ ሰጠን፣ አቀረበልን። ይህ ይብስ ቆረጠኝ።

ካህናቱ ጸሎቱን ሲጨርሱ ጋሼ ታከለ ተነሡ። «ወገኖቼ፣ አንድ የምናገረው አለኝ» አሉ። ድምፃቸው ያው ነው፤ አጠገባቸው ከተቀመጡት በቀር የሰማ የለም። ከወዲያ ወሬው እንደቀጠለ ነው። «ቆጣሪው እኔ ነበርሁ…» አሉ። ከኋላ አንዱ «ምን ይላሉ ሰውየው?» አለ።

ዋኘው ማንቆርቆሪያውን መሬት አስቀመጠ።

«ጋሼ፣ ጮክ ይበሉ» አለ።

ጋሼ ታከለ ሞከሩ። አልወጣላቸውም።

«ጮክ ይበሉ እንጂ!» አለ ዋኘው። እጁን ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ግቢ፣ ወደ መቃብሩ ዘረጋ። «ጮክ ብለው ይበሉት! እመዬ ጆሮዋ ደካማ ነበር።»

ጋሼ ታከለ ጎንበስ አሉና ጫማቸውን አወለቁ። በባዶ እግራቸው ከዳሱ ወጥተው ዝናቡ ውስጥ ቆሙ። አያ ሙሉ መቋሚያቸውን ይዘው ተከትለዋቸው ወጡና አጠገባቸው ቆሙ። ያ ከሹክሹክታ ከፍ ሲል ሰምቼው የማላውቀው ድምፅ፣ ከየት እንደመጣ እንጃ፣ ወጣ።

«እማሆይ ዘነቡ! ልጅዎ አልሰረቀም! አንዲት ፍሬ አልነካም! የተሳሳትሁ እኔ ነኝ፣ ቆጣሪው! ልጅዎ ሌባ አይደለም!»

ከማዶው ገደል ተመለሰ። «አይደለም!» እያለ እንደገና መጣ። እኔ ዘልዬ ተነሣሁ፤ ሴቶቹ እልል አሉ፣ ወዲያው እልልታው ልቅሶ ሆነ። ጋሼ ታከለ ድምፃቸው ተዘግቶ፣ አፋቸው ብቻ እየተንቀሳቀሰ፣ ጭቃው ውስጥ እንደቆሙ ቀሩ።

ዋኘው ጫማቸውን ከዳሱ ሥር አንሥቶ ወጣና እግራቸው ሥር አስቀመጠው።

«አሁን ሰምታለች፣ ጋሼ» አለ። «ጫማዎን ያድርጉ፤ መሬቱ ይቀዘቅዛል።»